ስማቸው ይጠራ

ስም ከመቃብር በላይ ይውላል እያሉ አባቶቻችን ሲናገሩ ኖረዋል። ቃሉ እውነት ነው፤ ነገር ግን መቃብር ላለው ሰው የተነገረ ነው። መቃብሩ ባሕር የሆነበት፣ ወይም በባዕድ ምድር ተቀብሮ በስሙ ፈንታ ቍጥር የተጻፈለት ሰው፣ ስሙ ከምን በላይ ይውላል? በዚህ ጽሑፍ የምንከራከርበት ነገር ይህ ነው፤ ክርክሩም ሙታንን ተሻግሮ እኛን ሕያዋኑን የሚነካ ስለ ሆነ አንባቢ ታግሦ እንዲሰማን እንለምናለን።

መስከረም 23 ቀን 2006 ዓ.ም. ሌሊት፣ ከሊቢያ ከምስራታ ጠረፍ ተነሥቶ ወደ ኢጣልያ የሚሄድ አንድ መርከብ ላምፔዱዛ ከምትባለው ትንሽ ደሴት አጠገብ ደረሰ። ከአምስት መቶ የሚበልጡ ሰዎች ተጭነውበት ነበር፤ የሚበዙት የኤርትራ ልጆች ነበሩ። የመርከቡ ሞተር ቆመ፤ ከየብስ ያለ ሰው እንዲያያቸው ብለው ብርድ ልብስ ለኵሰው ምልክት ቢያሳዩ እሳቱ በመርከቡ ተያያዘ፤ ሕዝቡም ከእሳቱ ለመሸሽ ወደ አንድ ወገን ቢያጋድል መርከቡ ተገለበጠ። ደሴቲቱ ግን ቅርብ ነበረች። ከሞት የተረፉት 155 ናቸው፤ የሞቱት 368 ሆነው ተቈጠሩ።

ተቈጠሩ አልን፤ የነገራችን መነሻ ይህ ቃል ነው። የሬሳው ሣጥን በተራ ተደረደረ፤ በሣጥኑም ላይ ቍጥር ተጻፈ። ከዚያም ሬሳዎቹ በሲሲልያ ከተሞች መቃብር ተከፋፍለው ሲቀበሩ ብዙዎቹን ያው ቍጥራቸው ተከተላቸው። የዓለም ጋዜጦች ቍጥሩን ጻፉ፤ ዛሬም ያን ቀን የሚያነሣ ሰው አስቀድሞ የሚያነሣው ቍጥሩን ነው። ቍጥር ግን እናት የለውም፤ ቍጥርን በክርስትና ያነሣ አባት የለም፤ ለቍጥር ፍትሐት አይደረስም።

እ.ኤ.አ. በ2015 ዳግማዊ ይመር የሚባል፣ በአዲስ አበባ ተወልዶ ያደገ የፊልም ሠሪ፣ «አስማት» ብሎ የሰየመውን አጭር ፊልም አወጣ። ፊልሙ ሃያ ደቂቃ እንኳ አይሞላም። በውስጡ የአንዲት ሴት ድምፅ ይሰማል፤ የእነዚያም የባሕር ሙታን ስም ይጠራል። የሬሳ ሥዕል ለተመልካች አያቀርብም፤ የሚያቀርበው ስማቸውን ነው። ስሞቹም ወላጆች ለልጃቸው ሲመኙ የሚያወጧቸው የእኛው አገር ዓይነት ስሞች ናቸው፤ ሰላምን፣ ተስፋን፣ ብርሃንን፣ የእግዚአብሔርን ስጦታነት የሚናገሩ ናቸው። ሰላም የተባለችው በእሳትና በውሃ መካከል ሞተች፤ ተስፋ የተባለው የብሱን ሳይረግጥ ቀረ። ተመልካቹ ይህን ሲሰማ፣ በአንድ ሌሊት የሰጠመው የስንት ወላጅ ምኞት እንደ ሆነ ያስተውላል።

ስለ ፊልሙ መጠሪያ አንድ ነገር እንናገር። በአማርኛችን አስማት ሲባል ወዲያው ትዝ የሚለን ጥንቆላና ክታብ ነው። ግዕዝ የተማረ ሰው ግን ያውቀዋል፤ አስማት የስም ብዙ ቍጥር ነው፤ በትግርኛም እስከ ዛሬ ትርጓሜው ይኸው ነው። ክታብ ጻፊው ኅቡኣት ስሞችን በብራና ላይ እየደረደረ ኀይል ሲፈልግባቸው፣ ቃሉ በእኛ ዘንድ ከስምነት ወደ ምትሀትነት ወረደ። አንድ ስደተኛ በሰው አገር ተቀምጦ ቃሉን ወደ ጥንቱ ክብሩ መለሰው፤ አስማት ማለት የሰዎች ስም ማለት እንደ ሆነ ለዘነጋነው አሳሰበን።

ይህ ሰው ነገሩን ከሩቅ ሰምቶ የሚተርክ አይደለም። በግንቦት 1997 ዓ.ም. ከተደረገው ምርጫ በኋላ በአገራችን ሁከት ተነሥቶ ብዙ ወጣቶች በሞቱበትና በታሰሩበት ጊዜ አገሩን ትቶ ወጣ፤ የሊቢያን በረሓ አቋርጦ፣ ባሕሩን ተሻግሮ፣ ሐምሌ 23 ቀን 1998 ዓ.ም. በዚያችው በላምፔዱዛ ደሴት ወረደ። በሮማ ከተማ የፊልምን አሠራር ከሌሎች ስደተኞች ጋር ተማረ፤ ከዚያም ወዲህ እውነተኛውን ነገር እንዳለ የሚያሳየውን ዘጋቢ ፊልም ሥራው አደረገ። እንግዲህ የእነዚያን ሙታን ስም ሲጠራ፣ በሄዱበት መንገድ የሄደ፣ በሰጠሙበት ባሕር ያለፈ ሰው ሆኖ ነው። እርሱ ደረሰ፤ እነርሱ አልደረሱም።

በዚህ ሥራ ላይ የሚነሡትን ተቃውሞዎች እናውቃቸዋለን። አንድ ባንድ እየጠቀስን መልስ እንስጥባቸው።

የመጀመሪያው ተቃውሞ ከእኛው ከቤተ ክህነት ወገን ይመጣል። «ሲኒማ የከንቱ ሰዎች መዝናኛ ነው፤ በቤተ ክርስቲያን ጋዜጣ ላይ ምን ቦታ አለው?» የሚሉ አሉ። እነዚህ ሰዎች ቆመው የሚያስቀድሱበትን ቤት ግድግዳ ቀና ብለው ይመልከቱ። ማንበብ የማይችለው ሕዝባችን የቅዱሳኑን ገድል፣ የሰማዕታቱን መከራ፣ የእመቤታችንን ስደት የተማረው ከሥዕል ነው። ሥዕል ሲቆም የተመሰገነ፣ ሲንቀሳቀስ የሚረገምበት ምክንያት ምንድን ነው? ቀለሙ ወይም ብርሃኑ አይደለም የሚመረመረው፤ ሠሪው ምን እንዲታይበት ፈለገ የሚለው ነው።

ለዚህም ማስረጃው ሩቅ አይደለም። ሚያዝያ 11 ቀን 2007 ዓ.ም. በሊቢያ ክርስቲያን ወንድሞቻችንን ያረዱና የረሸኑ ሰዎች የሠሩትን ግፍ በፊልም ቀርጸው ለዓለም በተኑት። ፊታቸውን አሳዩ፤ ስማቸውን ግን አልተናገሩም። በአዲስ አበባ በቂርቆስ ሰፈር ያሉ ቤተ ሰቦች የልጆቻቸውን ፊት አይተው ለዩ፤ ስማቸውንም እየጠሩ አለቀሱ፤ በአገሪቱም የሦስት ቀን ኀዘን ታወጀ። እንግዲህ አስተውሉ፤ መሣሪያው አንድ ነው። ገዳዩ በካሜራው ፊታቸውን ወስዶ ስማቸውን ጣለው፤ ዳግማዊ ይመር ሬሳቸውን ከተመልካች ዓይን ጠብቆ ስማቸውን አነሣ። ካሜራን ለገዳዮች ብቻ ትተን፣ እኛ «ከንቱ ነው» እያልን ብንቀመጥ፣ የወንድሞቻችንን ታሪክ የሚጽፍልን ማን ይሆናል?

ሁለተኛው ተቃውሞ የከፋ ነው፤ የሚነገረውም ብዙ ጊዜ በቡና ላይና በለቅሶ ቤት ነው። «ማን ሂዱ አላቸው? በአገራቸው ሠርተው አይኖሩም ኖሯልን? በገንዘባቸው ሞትን ገዙ» ይባላል። ለዚህ ነገር መልሳችን ከዘመን አቈጣጠራችን ይጀምራል። መርከቡ የተገለበጠው መስከረም 23 ቀን ነው፤ ቤተ ክርስቲያናችን ደግሞ መስከረም 26 ቀን የጽጌን ጾም ትጀምራለች። በእነዚያ አርባ ቀናት የምናስበው ምንድን ነው? ሕፃን ታቅፋ ከንጉሥ ሰይፍ የሸሸች እናትን፣ በረሓ ያቋረጠ ቤተ ሰብን፣ በባዕድ አገር ውሃ የለመነ ስደተኛን አይደለምን? ከሦስት ቀን በኋላ ስለ ጥንቱ ስደት ማሕሌት የሚቆም ሰው፣ ከሦስት ቀን በፊት ስለ ሰጠመው ስደተኛ «ማን ሂድ አለው» ሊል አይገባውም። ያን ጥያቄ ለቅድስት ድንግል ያቀረበላት ቢኖር ምን ብለን በዘለፍነው!

ደግሞም ታሪካችንን አንርሳ። ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. ጠላት አገራችንን በያዘ ጊዜ መኳንንቱም ካህናቱም ድኻውም ወደ ኢየሩሳሌም፣ ወደ ሱዳን፣ ወደ ኬንያ ተሰደዋል፤ ንጉሠ ነገሥቱም በእንግሊዝ አገር በባዝ ከተማ በስደት ተቀምጠዋል። ከተመለሱት መካከል ብዙዎቹ በኋላ አገር መሩ፤ መጽሐፍ ጻፉ፤ ትምህርት ቤት አቆሙ። «በገንዘባችሁ ሞትን ልትገዙ ሄዳችሁ» ያላቸው አልነበረም። የዛሬው ስደተኛ ይህ ክብር የሚቀርበት በምን ሕግ ነው? ለሚሄድ ልጅ የመንገዱን ክፋት መንገር የአባት ግዴታ ነው፤ አዎን፣ ይነገር፣ ይመከር፣ ደላላውም ይከሰስ። በሞተ ልጅ ላይ መፍረድ ግን ምክር አይባልም። ምክር ከሞት በፊት ይመጣል፤ ከሞት በኋላ የሚመጣው ኀዘን ነው።

የመንገዱን ክፋት ለማወቅ የሚፈልግም ቢኖር ያው ሰው አስቀድሞ መስክሮለታል። እ.ኤ.አ. በ2008 ዳግማዊ ይመር ከኢጣልያውያኑ ከአንድሬያ ሴግሬና ከሪካርዶ ቢያዴኔ ጋር ሆኖ አንድ ዘጋቢ ፊልም አወጣ፤ መጠሪያው ወደ አማርኛ ሲመለስ «እንደ ሰው በምድር ላይ» ማለት ነው። በዚህ ፊልም የመንገድ ጓደኞቹን በሮማ ተቀምጠው ያዩትን እንዲናገሩ ያደርጋቸዋል። የሊቢያ ፖሊሶች እንዴት እንደ ያዟቸው፣ በተዘጋ የብረት ሣጥን መኪና ተጭነው በበረሓው መካከል ወዳለው ወደ ኩፍራ ወኅኒ እንዴት እንደ ተጋዙ፣ ከዚያም ለደላሎች እንዴት እንደ ተሸጡ ይናገራሉ። በዚያ መንገድ ካለፉት ሰዎች መካከል ዋጋቸው ሠላሳ ዲናር እንደ ነበረ የመሰከሩ አሉ። ሠላሳ! ይህ ቍጥር ለማን እንደ ተከፈለ ለካህናት ማስረዳት አያስፈልግም።

ፊልሙ በወጣበት ዓመት፣ ነሐሴ 24 ቀን 2000 ዓ.ም. የኢጣልያና የሊቢያ መንግሥታት በቤንጋዚ ከተማ የወዳጅነት ውል ተፈራረሙ። ኢጣልያ ስለ ቀድሞው የቅኝ ግዛት በደል በሃያ ዓመት ውስጥ አምስት ቢሊዮን ዶላር ልታወጣ ተስማማች፤ በዚያው ውል ሁለቱ መንግሥታት የስደተኛውን መንገድ በአንድነት ሊዘጉ ተስማሙ። የአንዱ ሕዝብ የጥንት በደል ካሣ ሲነገር፣ የሌላው ሕዝብ ልጆች አዲስ በደል በዚያው ወረቀት ተጻፈ። መንግሥታት በቤተ መንግሥት ሲዋዋሉ ውሉ በማን ጀርባ ላይ እንደሚፈጸም የተናገሩት እነዚያ በፊልሙ ላይ የተቀመጡት ልጆች ናቸው።

በዚህ ሥራ ውስጥ አንባቢ አጥብቆ እንዲያስተውለው የምንፈልገው ምሥጢር አለ። ስደተኛ ማለት ሁልጊዜ የሚጠየቅ ሰው ነው። በድንበር ይጠየቃል፤ በወኅኒ ይጠየቃል፤ ከደረሰም በኋላ በጽሕፈት ቤት ተቀምጦ «ለምን መጣህ? በየት አለፍህ? እውነት መናገርህን በምን እናውቃለን?» ይባላል። መልሱ በሌላ ሰው እጅ ይጻፋል፤ ፍርዱም በሌላ ሰው አፍ ይነገራል። ዳግማዊ ካሜራ በያዘ ቀን ይህ ሥርዓት ተገለበጠ። የተጠየቀው ጠያቂ ሆነ። ወንድሙንም ሲጠይቅ እንደ መርማሪ አልጠየቀውም፤ አብሮ እንደ ተራበና አብሮ እንደ ታሰረ ሰው ጠየቀው። ስለዚህ በዚያ ፊልም የተነገረው ቃል በመርማሪ ፊት ከሚነገረው ቃል የተለየ ነው፤ ይህ የተማጽኖ ቃል ሳይሆን የምስክር ቃል ነው።

አሁን ደግሞ ፊታችንን ወደ ባዕዳኑ አዛኞች እንመልስ። እነርሱን የምንወቅሰው ስላዘኑ አይደለም፤ የኀዘናቸው ዓይነት ሰውን ስለሚያጐድል ነው። ያ መርከብ በሰጠመ ማግስት የኢጣልያ ጠቅላይ ሚኒስትር የነበሩት ኤንሪኮ ሌታ የሞቱት ሰዎች ከዚያ ቀን ጀምሮ የኢጣልያ ዜጎች እንደ ሆኑ ተናገሩ። በዚያው ሰሞን ከሞት የተረፉት ያለ ፈቃድ ወደ አገር ገብታችኋል ተብለው በአግሪጄንቶ ዐቃቤ ሕግ ምርመራ ተከፈተባቸው። ጉድ በሉ! የሰጠመው ዜጋ ሆነ፤ የዋኘው ተከሳሽ ሆነ። ጥቅምት 11 ቀን 2006 ዓ.ም. ደግሞ መንግሥቱ በአግሪጄንቶ ከተማ የመታሰቢያ ሥርዓት አደረገ፤ የሟቾቹ ሣጥን በዚያ አልነበረም፤ በላምፔዱዛ የነበሩት ከሞት የተረፉትም ወንድሞቻቸው አልተወሰዱም። ሬሳ በሌለበት፣ ዘመድ በሌለበት የሚደረግ ለቅሶ ለማን ይባላል?

እኛ ኢትዮጵያውያን ሰውን በቍጥር የማጥፋትን ነገር ከኢጣልያ ሹማምንት እጅ ድሮ ቀምሰነዋል። በግንቦት 1929 ዓ.ም. የደብረ ሊባኖስ መነኮሳት ሲረሸኑ፣ ግራዚያኒ ወደ ሮማ ባስተላለፈው ቴሌግራም 297 መነኮሳት ተረሸኑ ብሎ ጻፈ። የአንዱም ስም አልነበረበትም። ከብዙ ዘመን በኋላ የታሪክ ተመራማሪዎች የተረፉትን ሽማግሌዎች ጠይቀው ሲመረምሩ የሞቱት ከ1400 እንደሚበልጡ አገኙ። ስለዚህ ስም ያልያዘ ቍጥር ሁለት ጊዜ ይበድላል፤ ሰውየውን ያጠፋል፤ ቆይቶም ራሱ ሐሰት ሆኖ ይገኛል። ስም ያለው መዝገብ ግን ማን እንደ ጐደለ ራሱ ይናገራል።

ከሙታኑ ወደ ሕያዋኑ እንሻገር፤ «ስደተኛ አገሩ የት ነው?» የሚለው ጥያቄም እዚህ ላይ ይመጣል። ዳግማዊ ይመር እ.ኤ.አ. በ2011 ከሁለት ኢጣልያውያን ጋር ሌላ ፊልም ሠራ፤ መጠሪያው «ባሕሩ ብቻ» ማለት ነው። በዚህ ፊልም ወደ ላምፔዱዛ ተመልሶ ይሄዳል። በመጀመሪያው ጊዜ በፖሊስ ተከቦ ያለፈባትን ደሴት አሁን በእግሩ እየዞረ ያያታል፤ የደሴቲቱን ሰዎች ስለ ኑሯቸውና ስለ ባሕራቸው ይጠይቃቸዋል። ዕድለኛ ስደተኛ ከሞት ካመለጠበት ስፍራ ይሸሻል፤ ይህ ሰው ግን የተሻገረባትን ምድር ስም ብቻ ማወቅ አልበቃውም፤ ሰዎቿን ሊያውቅ ፈለገ። የሰውን ደጃፍ የለመነ እንግዳ ነው፤ የሰውን ችግር የጠየቀ ግን ጎረቤት ሆኗል። አገር የማግኘት መጀመሪያው ይህ ይመስለናል።

በቋንቋችን ሰው አገሩን ሲናገር «እትብቴ የተቀበረበት» ይላል። በላምፔዱዛ የማዋለጃ ሆስፒታል ስለሌለ የደሴቲቱ ሴቶች ሊወልዱ ወደ ሲሲልያ ይሄዳሉ፤ ስለዚህ የደሴቲቱ ልጅ ራሱ እትብቱ ባሕር ማዶ የቀረ ነው። በዚያች ደሴት አጠገብ ግን ጠላቂዎች ወደ ሰጠመው መርከብ በወረዱ ጊዜ ከእናቱ ጋር እትብቱ ሳይቈረጥ የሞተ ሕፃን አገኙ። ይህ ሕፃን አርባ ቀን አልጠበቀም፤ የጥምቀት ስምም አልተቀበለም፤ እትብቱም በየትኛውም አገር አፈር አልተቀበረችም። የማን ዜጋ እንበለው? በየትኛው መዝገብ እንጻፈው? አገር ማለት ድንበርና ማኅተም ብቻ ከሆነ ይህ ሕፃን አገር የለውም። አገር ማለት ስምህን የሚጠራ ወገን ያለበት ስፍራ ከሆነ ግን፣ ለዚህ ሕፃን አገር መሆን ለእኛ ተሰጥቶናል፤ ብንፈልግ።

ሦስተኛው ተቃውሞ የብልሆች ነው። «ስም መጥራት ሙት አያስነሣም፤ የባሕሩንም መንገድ አይዘጋም፤ ፊልምም ሆነ መዝገብ ምን ይጠቅማል?» ይላሉ። ስም ምን እንደሚጠቅም በሦስት ነገር እናሳያቸው።

አንደኛ፣ ፍርድ ያለ ስም አይቆምም። ሚያዝያ 28 ቀን 2001 ዓ.ም. የኢጣልያ መርከቦች በባሕር ላይ ያገኟቸውን ስደተኞች ወደ ሊቢያ መለሷቸው። ከእነርሱ መካከል 11 ሶማሊያውያንና 13 ኤርትራውያን ከሰሱ፤ በስትራስቡርግ ያለው የአውሮፓ የሰብአዊ መብት ፍርድ ቤትም የካቲት 15 ቀን 2004 ዓ.ም. ኢጣልያን ጥፋተኛ ብሎ ፈረደ። ያ ፍርድ እስከ ዛሬ የሚጠራው ከከሳሾቹ በአንዱ ስም «የሂርሲ ጃማ ጉዳይ» እየተባለ ነው። በዚያ ቀን ወደ ሊቢያ ከተመለሱት ከሁለት መቶ በላይ ሰዎች ፍርድ ቤት የሰማው በስማቸው የቀረቡትን ሃያ አራቱን ነው። ቍጥር አቤት ማለት አይችልም።

ሁለተኛ፣ ኀዘን ያለ ስም አያልቅም። ልጇ በባሕር የቀረባት እናት እርሟን ሳታወጣ ትኖራለች፤ ስልክ በጮኸ ቍጥር ትደነግጣለች፤ ደጅ በተንኳኳ ቍጥር ትነሣለች። ካህኑን ተዝካር አውጣልኝ እንዳትለው ሞቷል ማለት ይሆንባታል፤ በሕይወት አለ እንዳትል ዓመታት አልፈዋል። በሚላኖ ዩኒቨርሲቲ ፕሮፌሶር ክሪስቲና ካታኔዮና ባልደረቦቻቸው ለነዚህ ሙታን አጥንትና ጥርስ መርምረው፣ ዘመዶች ከሚያመጡት ፎቶግራፍ ጋር አስተያይተው፣ ለእያንዳንዱ ሬሳ ስሙን ለመመለስ ደክመዋል። የባዕድ አገር ሐኪም ለአንድ ስም ይህን ያህል ከደከመ፣ የሟቹን ስመ ክርስትና የሚያውቀው የገዛ አጥቢያው ምን ያህል ሊደክም ይገባው ነበር?

ሦስተኛ፣ ሃይማኖታችን የቆመው በስም ላይ ነው። ስለ ግብፅ ስደትና ስለ መውጣት የሚናገረው የኦሪት መጽሐፍ የሚጀምረው በተአምር ወይም በጦርነት አይደለም፤ ወደ ግብፅ የወረዱትን ሰዎች ስም በመዘርዘር ነው። ወንጌልም በጎቹን በየስማቸው ስለሚጠራ እረኛ ያስተምረናል። ስንክሳራችን በየዕለቱ የሚያነበው የሰው ስም ነው። ካህን ሕፃንን ሲያጠምቅ ስም ይሰጣል፤ ሙታንን ሲያሳርፍ ስም ይጠይቃል። እንግዲህ ስም መጥራት ከንቱ ነው የሚል ሰው ከእኛ ጋር የሚከራከረው ስለ ፊልም አይደለም፤ ከቅዳሴውና ከመጽሐፈ ግንዘቱ ጋር ነው።

በዚህ ነገር የሚመሰገን ካህን የለም አንልም። አባ ሙሴ ዘርአይ የተባሉት ኤርትራዊ ካቶሊካዊ ካህን፣ የስልክ ቍጥራቸው በሊቢያ ወኅኒ ግድግዳ ላይ እስኪጻፍ ድረስ በባሕርና በእስር ላሉት ሲደርሱ ኖረዋል። ከሰመጠ ጀልባ ለሚጮኽ ሰው በሌሊት ስልክ ያነሣ ካህን እረኝነት ምን እንደ ሆነ አስተምሮናል። የኢጣልያም ምክር ቤት በ2008 ዓ.ም. ባወጣው ሕግ ያ የላምፔዱዛ ቀን፣ በእነርሱ አቈጣጠር ኦክቶበር 3፣ በየዓመቱ የስደት ሰለባዎች መታሰቢያ እንዲሆን ወሰነ። ባዕድ መንግሥት ቀኑን በሕግ አስቦታል። ሟቾቹ ከተወለዱበት ሕዝብ መካከል ያለን እኛስ?

ስለዚህ የምንለምነውን በግልጥ እንናገራለን። በየደብሩ አንድ መዝገብ ይከፈት። በባሕር፣ በበረሓ፣ በባዕድ ወኅኒ የቀሩ የአጥቢያው ልጆች ስመ ክርስትናቸው፣ የእናታቸው ስም፣ የወጡበት ዓመት ይጻፍበት፤ ሞታቸው ላልታወቀው ጸሎተ ፍትሐት ሳይሆን ምልጃ ይደረግላቸው። መስከረም 23 ቀን በመጣ ጊዜ፣ የጽጌ ጾም ሳይገባ፣ ስማቸው በዐውደ ምሕረት ይነበብ። የሰበካ ጉባኤ አዳራሽ ያለው ደብር ያን አጭር ፊልም ለምእመናኑ ያሳይ፤ አይቶም እንዲያለቅስ ሳይሆን የጐደለውን ስም እንዲያስመዘግብ ይጠይቀው። የተማረው የከተማ ሰው ደግሞ በጽሕፈት ሥራው ይርዳ፤ ሽማግሌዎችን ይጠይቅ፤ የተመለሱትን ይጠይቅ፤ በጥያቄውም የመርማሪን ሳይሆን የወንድምን ድምፅ ይጠቀም።

ይህ ገንዘብ የሚፈጅ ሥራ አይደለም፤ ብራና ወይም ደብተር፣ ቀለምና ትዕግሥት ይበቃዋል። የሚከብደው አንድ ነገር ነው፤ «ማን ሂድ አለው» የሚለውን ፍርድ ትቶ «ስሙ ማን ነበር» ብሎ መጠየቅ። ይህን የጠየቀ ሰው ለስደተኛው አገሩን ከፊል መልሶለታል፤ በባሕር ለሞተው መቃብር ባይቈፍርለትም ስሙ የሚውልበትን ስፍራ አዘጋጅቶለታል።

ስማቸውን ለሚያውቅ አምላክ ክብር ይግባው፤ እኛንም ስማቸውን ለመጥራት የበቃን ያድርገን። አሜን።